ጀጎልን በእግርህ ሳታውቃት ስለ እሷ አትሟገት

እስቲ በሐቅ መልስልኝ፤ ሐረር ሄደህ ታውቃለህ?

«አዎ» ካልክ ሁለተኛ ጥያቄ አለኝ። ምን አየህ? መልስህ «ጅብ አበላሁ፣ በሩ ላይ ፎቶ ተነሳሁ፣ ኦቾሎኒ ገዝቼ ተመለስኩ» ከሆነ አትፈር፤ እኔም ያው ነኝ። መጀመሪያ የሄድኩ ጊዜ ከድሬዳዋ በሚኒባስ ገብቼ፣ ከግንቡ ውጭ ሆቴል ይዤ፣ ማታ ጅቡን አይቼ በማግስቱ ውልቅ አልኩ። ፎቶዬ ብዙ ላይክ አገኘ። ጀጎል ውስጥ የቆየሁት ግን አንድ ሰዓት አይሞላም። ያም ሆኖ ከዚያ በኋላ በኮሜንት ስለ ሐረር ታሪክ ስከራከር አፌን ሞልቼ «እኔ ሄጄ አይቻታለሁ» እል ነበር።

ወገን፣ ዛሬ የምጽፍልህ ስለዚህ ነገር ነው። ሀገር ወዳድ ትውልድ ነን እንላለን። ታሪካችን ተነካ ሲባል ሌሊቱን ሙሉ በስልክ ስንፋለም እናድራለን። ግን ታሪኩ የተሠራበትን መንገድ በእግራችን ረግጠን፣ እዚያው ተወልዶ ያደገ ሰው ሲያወራ ዝም ብለን ሰምተን፣ ከሰፈሩ እናቶች እጅ ገዝተን በልተን የምናውቅ ስንቶቻችን ነን?

ሁለተኛ ጊዜ ስሄድ ከሦስት ጓደኞቼ ጋር ነበር። ባጅ ያለው የአካባቢ አስጎብኚ ያዝንና ጠዋት ሸዋ በር ላይ ተገናኘን። ሰውዬው ጀጎል ተወልዶ ጀጎል ያረጀ ነው። አንዱ ጓደኛችን «ባጃጅ እንያዝ እንዴ?» ሲለው ሳቀበት። «አቦ፣ ይቺ ከተማ ለእግር ነው የተሠራችው። ባጃጅ የማይገባበት ነው ጥሩው።»

እውነቱን ነው። ጀጎል ስፋቷ 48 ሄክታር ብቻ ነው። አሚር ኑር በ16ኛው ክፍለ ዘመን ባስገነቡት ግንብ ውስጥ ዩኔስኮ 82 መስጊዶችና 102 የቅዱሳን መካነ መቃብሮችን ቆጥሯል፤ ከመስጊዶቹ ሦስቱ 10ኛው ክፍለ ዘመን ድረስ ይሄዳሉ። እ.ኤ.አ. በ2006 በዓለም ቅርስነት የተመዘገበችውም ለዚህ ነው። ይሄን ቁጥር እኔም ከመሄዴ በፊት በቃሌ እለው ነበር። ግን ሁለት ሰው ጎን ለጎን በማያሳልፍ መተላለፊያ ውስጥ ስትሄድ፣ በየመታጠፊያው አንድ ትንሽ ነጭ ወይም አረንጓዴ በር ብቅ ሲልብህ፣ ያኔ ነው ቁጥሩ የሚገባህ።

ገና ከበሩ ሳንርቅ አንድ ነገር ተማርኩ። እኛ «ሸዋ በር» የምንለውን ሐረሪዎቹ «አስማዲን በሪ» ይሉታል። ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በር፣ ፈላና በር፤ አምስቱም የድሮ በሮች እንዲሁ ከአንድ በላይ ስም አላቸው። አስጎብኚያችን ሁሉንም ይጠራልናል እንጂ «ትክክለኛው ይሄ ነው» ብሎ አልተጣላንም። ሁሉም በዚያው በር ነው የሚገባው።

ከዚያ ወደ ምግቡ። ስማኝ፣ ሐረር ላይ ታሪክ በባዶ ሆድ አይሰማም! ሸዋ በር ገበያ ዳር ከዘይት ትኩሱን የሚወጣ ሳምቡሳ አለ፤ ምስር ያለውም ሥጋ ያለውም። ጋዜጣ ላይ ጠቅልለው ይሰጡሃል፣ ጣትህን እያቃጠለህ ትበላለህ። እንቁላል ገብቶበት በመጥበሻ ላይ የሚታጠፈው ፈጢራ አለ፤ በማር ብትፈልግ በማር። ሐልዋው አለ፣ ኦቾሎኒው አለ። ግድር መገላ ስትደርስ የሥጋ ገበያው አጠገብ ቁራጭ ሥጋ በእጅህ ከያዝክ ከላይ የሚያንዣብበው ጭልፊት መጥቶ ይወስድብሃል። አንዱን ጓደኛችንን እንዲህ ሲያደርገው የገበያው ሰው ሁሉ ሳቀ። መኪና ግርግር የሚባለው መንገድ ላይ ደግሞ ልብስ ሰፊዎቹ ከግራና ቀኝ ተደርድረዋል፤ ስሙን ያገኘው ከስፌት መኪናው ድምፅ ነው።

ግን ከበላሁት ሁሉ ያልረሳሁት የጠጣሁትን ነው። «የሐረር ቡና የእኛ ነው» ብለን ስንት ጊዜ ጮኸናል? ስሙ በዓለም ገበያ የኢትዮጵያ የንግድ ምልክት እንዲሆን ሲጠየቅም ልባችን አብሮ ነበር። አስጎብኚያችን ጥላ ስር ከተቀመጡ አንዲት እናት ዘንድ አስቀመጠንና ኩቲ አስቀዳልን። ኩቲ ከቡና ቅጠል ተፈልቶ በወተት የሚጠጣ ነው። ከገለባው የሚፈላውን ደግሞ ሐሸራ ይሉታል። «ፍሬውስ?» አልኳቸው። «ፍሬው ለገበያ ነው ልጄ፣ ቅጠሉና ገለባው ለኛ» አሉኝ። ፈገግ ብለው ነው ያሉት፤ እኔን ግን ጉሮሮዬ ላይ ቆመብኝ። ስሙን በባንዲራ ጠቅልዬ ስሟገትለት የኖርኩት ቡና፣ የሚተክሉት ሰዎች ቤት ውስጥ ምን ሆኖ እንደሚጠጣ አላውቅም ነበር።

አሁን ወደ ከባዱ ልምጣ።

ፈረስ መገላ ስንደርስ አስጎብኚው ድምፁን ዝቅ አደረገ። መድኃኔዓለም ቤተ ክርስቲያንን እያሳየን «እዚህ ቦታ ላይ ቀድሞ መስጊድ ነበር» አለ። ቀጥሎ ስለ ጨለንቆ ነገረን፤ በ1879 ዓ.ም. የያኔው የሸዋ ንጉሥ ምኒልክ ጦር አሚር አብዱላሂን ድል አድርጎ ሐረር እንደገባ። አንዱ ጓደኛችን ወዲያው ተቀጣጠለ። «ከዚያ በፊትስ ግብፆች ይዘዋት አልነበረም? ባይደርሱላት የአውሮፓ ቅኝ ገዢ አይወስዳትም ነበር?»

ሰውዬው አልተቆጣም። «ልክ ነህ። ግብፆች እ.ኤ.አ. ከ1875 እስከ 1885 ይዘዋታል፤ ያኔም አሚራችን ተገድሏል። አንተ የምትለው አለ። አያቴ የነገረችኝም አለ። ያንተን ስሰማ የሷን ልርሳ?»

ጓደኛዬ መልስ አጣ። እኔም አጣሁ። ኮሜንት ላይ ቢሆን ኖሮ ይሄኔ ተሰዳድበን፣ ስም ተለጣጥፈን፣ ብሎክ ተደራርገን አልቆልን ነበር። ከአንድ ጋዜጣ ላይ ሳምቡሳ አብሮህ ከበላ ሰው ጋር ግን እንደዚያ አይሆንም። ዓይኑን እያየህ ትሰማዋለህ።

የራስ መኮንን ሐውልትም ተነሳ። ሰኔ 2012 ዓ.ም. ሲፈርስ እኔም እንደ ብዙዎቻችሁ ደሜ ፈልቷል፤ የዓድዋን ጀግና ሐውልት ማፍረስ ልክ ነበር ዛሬም አልልም። ግን እውነት እንነጋገር፤ ያን ቀን ስለ ሐውልቱ ስጽፍ ሐውልቱ የቆመባትን ከተማ አላውቃትም ነበር። ማን እንደሚኖርባት፣ ምን እንደምታስታውስ፣ ምን እንደሚያማት ጠይቄ አላውቅም። ስሟን ብቻ ነበር የምጠራው።

ከዚያ አንድ የሐረሪ ባህላዊ ቤት ገባን፤ ጌ ጋር ይሉታል። ከፍና ዝቅ ያሉ አምስት መቀመጫዎች አሉት፣ ነደባ ይባላሉ፤ ማን የት እንደሚቀመጥ ሥርዓት አለው። ግድግዳው በስፌትና በሳህን ያበራል። ወለሉ ቀይ ነው። ቀዩ ቀለም ጨለንቆ ላይ ለወደቁት መታሰቢያ ነው ይባላል። ያን እየሰማን ቀዩ ላይ ተቀምጠናል። የቤቱ እናት ከየት እንደመጣሁ ጠየቁኝ። «የሸዋ ልጅ ነኝ» አልኩ፣ ድምፄ ትንሽ ቀነሰ። «ታዲያ ምን አለ? ብላ እንጂ!» ብለው ሐልዋውን ወደ እኔ ገፉት።

ወንድሜ፣ እህቴ፣ ይሄን የምነግርህ ታሪክህን እንድትጥል አይደለም። እኔ ከጀጎል ስወጣ ምኒልክንም ራስ መኮንንንም መውደዴን አላቆምኩም። የሐረሪዋ እናት ግን ከዚያ በኋላ የእኔም ናቸው። ሀገሬ ከምለው ውስጥ የሳቸው ቀይ ወለል አለበት። የራሱን ክብር ብቻ የሚያስታውስ፣ የወገኑን እንባ «ውሸት ነው» የሚል የሀገር ፍቅር ግማሽ ነው። ዩኔስኮ ለሐረር የሰላም ከተማ ብሎ ሽልማት የሰጣት ሁሉም ሰው አንድ ዓይነት ታሪክ ስለሚተርክባት አይደለም። የተለያየውን ይዘው ከአንድ ገበያ ስለሚገዙ ነው።

«በገዛ ሀገሬ ለአስጎብኚ ለምን እከፍላለሁ? ጉግል አለ አይደል?» የምትል አታጣም። እንዲህ ልመልስልህ። እንግሊዛዊው በርተን እ.ኤ.አ. በ1855 ሐረር ገብቶ ጥቂት ቀን ቆየና መጽሐፍ ጻፈ፤ ዓለም እስከ ዛሬ ያነበዋል። ፈረንሳዊው ገጣሚ ራምቦ ሐረር ስለኖረ በስሙ የሚጠራ ቤት አለ፤ አስጎብኚያችን ራሱ «ይሄ ቤት ውስጥ እንኳ መኖሩ ያጠራጥራል፣ የህንድ ነጋዴ ያሠራው ነው» ብሎ በሐቅ ነገረን። ስለ በርተንና ስለ ራምቦ ጉግል ይነግርሃል። አያቱ የነገረችውን ግን ከሱ አፍ ካልሰማህ ከየትም አታገኘውም። ኮሮናና ጦርነት ፈረንጁን ካራቁት ወዲህ ደግሞ እነዚህ ሰዎች ሥራ ተቀዛቅዞባቸዋል። ስንቱ ሙያውን ጥሎ ባጃጅ መንዳት ገባ! እነሱ ሲተዉት ያ ሁሉ ትረካ አብሯቸው ይሄዳል። እኛ ስለ ቅርስ የምንጮኸው ስለ ድንጋዩ ብቻ ነው እንዴ?

ስለዚህ ለቀጣይ በዓል ወይም ለክረምት እረፍት እንዲህ አድርግ፤ አንቺም እህቴ።

አንደኛ፣ እስከ ድሬዳዋ በአውሮፕላንም በአውቶቡስም ሂድ፤ ከዚያ ሐረር በሚኒባስ አንድ ሰዓት ገደማ ነው። ቢያንስ ሁለት ሌሊት እደር። ጅቡን ለማታ ተወው፤ ቀኑን ለሰው ስጥ።

ሁለተኛ፣ ባጅ ያለው አስጎብኚ ያዝ። ዋጋና ሰዓት ቀድመህ ተነጋገር፣ ከዚያ አትከራከር። ለፈረንጅ የሚነግረውን ሳይሆን ለልጁ የሚነግረውን እንዲነግርህ ጠይቀው።

ሦስተኛ፣ ዝርዝር ብር ያዝ፣ ከመንገድ ብላ። ሳምቡሳ የምትሸጠዋን እናት ያለ ፈቃዷ ፎቶ አታንሳ። መጀመሪያ ሰላም በል፣ ቀጥለህ ግዛ፣ ከዚያ ጠይቅ።

አራተኛና ከባዱ፤ የማትወደውን ታሪክ ስትሰማ ለአምስት ደቂቃ አትመልስ። አምስት ደቂቃ ብቻ። እኔ ሞክሬዋለሁ፣ አይገድልም።

ሐረር ሩቅ ከሆነብህ ደግሞ ከራስህ ከተማ ጀምር። ጎንደር ያለህ ከፋሲል ግንብ ወጥተህ ቅዳሜ ገበያ ግባ። አዲስ አበባ ያለህ አንድ ሽማግሌ ይዘህ ከአራዳ ጊዮርጊስ መርካቶ ድረስ በእግርህ ውረድ፤ የፈረሰውንና የቀረውን ያሳዩህ።

ይሄን ጽሑፍ ሼር ብታደርገው ደስ ይለኛል። ካነበብክ በኋላ ግን ስልክህን ኪስህ ክተትና ጫማህን እሰር። ከመንገዱ ስትመለስ እዚሁ ኮሜንት ላይ እንገናኝ፤ ያኔ ክርክራችን ራሱ ሌላ ይሆናል።