አናትና እናት

በሰኔ 2015 ዓ.ም. ቴሌቪዥኑ ሁለት የባሕር አደጋዎች አሳየን። ሰኔ 7 ቀን ከሊቢያ የተነሳች የዓሣ ማጥመጃ መርከብ እስከ 750 የሚደርስ ሰው እንዳጨቀች ግሪክ አጠገብ ሰጠመች፤ የተረፉት 104 ናቸው። ሰኔ 11 ቀን ደግሞ የታይታኒክን ስብርባሪ ሊጎበኙ የወረዱ አምስት ሰዎች ከነሰርጓጅ ጀልባቸው ጠፉ።

ታዲያ የትኞቹን አወቅናቸው? የአምስቱን ስም፣ ፊትና ሥራ፣ የቀራቸውን ኦክስጂን ሳይቀር በሰዓት እየቆጠሩ ነገሩን። ከስደተኞቹ ያየነው ግን ከአየር ላይ በተነሳ ፎቶ አናታቸውን ነው!

አምስቱም ሰው ናቸው፤ አዝነናል፤ አንጸጸትም። ጠባችን ከካሜራው ጋር ነው። አናት ብቻ የሚያይ ካሜራ እናት አይታየውም። የግሪክ ጠረፍ ጠባቂዎች ከዋዜማው ጀምሮ እያወቋት ለምን ሰጠመች ብሎ የሚያፋጥጥስ የታለ? ስሙ ያልተጠራ ሟች ከሳሽ የለውም።

እኛስ ብንሆን? ሐምሌ 27 ቀን 2017 ዓ.ም. አብዛኞቹ ወገኖቻችን የሆኑ መንገደኞችን የጫነች ጀልባ የመን ዳርቻ ሰጥማ ከ90 በላይ ሰው ሲያልቅ፣ ቁጥሩን ሰምተን ቻናል ቀየርን እኮ!

ጓዶች፣ ቁጥር አይበቃንም። ስማቸውን ንገሩን፤ ምን እንዳሰደዳቸው፣ ማን እያየ እንዳለቁ ንገሩን እንበል!