የለበስነውን ልብስ ማን ፈተለው?



«ለጥምቀት ያልሆነ ቀሚስ ይበጣጠስ» የተባለውን የጥንት ተረት የማያውቅ ቤተ ሰብ ያለ አይመስለንም። በዓሉ ጥቂት ሳምንት ሲቀረው እናት ሣጥኗን ትከፍታለች፤ አባት ኪሱን ይዳብሳል፤ ልጃገረዶች ደግሞ በዚህ ዓመት ሞድ የሆነው የትኛው ጥለት እንደ ሆነ ከጎረቤት ይጠያየቃሉ። ይህ ሁሉ ደስ የሚያሰኝ ነው እንጂ የሚያስነቅፍ አይደለም። እኛም በዚህ ወር ዓምዳችን ስለ ልብስ ለመጨዋወት ያሰብነው እኅቶቻችን በጌጥ እንዳያምሩ ለመገሠጽ አይደለም። የምንጠይቀው ሌላ ነው፤ ይኸውም በትከሻችን ላይ የምናኖረው ሸማ በማን እጅ ተፈትሎ፣ በማን እጅ እንደ ተሸመነና ያ ሰው ስለ ድካሙ ምን እንዳገኘ ነው።

ለዚህ ጥያቄ ያነሣሣን የራሳችን ሞኝነት መሆኑን ሳንደብቅ እንናገራለን። ለአለፈው ጥምቀት ከአንድ ሱቅ «የእጅ ሥራ ነው» የተባለ ቀሚስ ለቤታችን ልጅ ገዛን። ዋጋው ርካሽ ስለ ነበረ ራሳችንን እንደ ብልኅ ገበያተኛ ቈጠርነው። ሁለት ጊዜ ከታጠበ በኋላ ግን ጥለቱ እየደበዘዘ ሄደ። ወደ ብርሃን አቅርበን ስንመረምረው ጥለቱ ከድርና ከማግ ጋር አብሮ የተሠራ ሳይሆን በመኪና የታተመ ቀለም ሆኖ ተገኘ፤ ጨርቁን ብንገለብጠው ጀርባው ባዶ ነበር። ከጠርዙ አንድ ክር መዝዘን በእሳት ብንለኩሰው ደግሞ እንደ ሰም ቀለጠና ሲበርድ እንደ ጠጠር የጠነከረ ጥቁር እንክብል ሆነ።

ይህን ፈተና ማናቸይቱም እናት በቤቷ ልታደርገው ትችላለች። ጥጥ ሲቃጠል እንደ ወረቀት ይሸታል፤ አመዱም በጣት ሲነካ ይበናል። ሐር እንደ ተቃጠለ ፀጉር ይሸታል። ከነዳጅ ዘይት የሚሠራው ፖሊስተር ግን እየቀለጠ ይንጠባጠባል። (ፈተናው በአንዲት ክር ብቻ፣ ከልብሱና ከልጆች ራቅ ብሎ ይደረግ፤ የእኛ ቤት መጋረጃ ለጥቂት ነው የተረፈው።)

የቀሚሱ ነገር ስለ ከነከነን፣ እውነተኛው ፈትል ምን ያህል ድካም እንደሚጠይቅ ከሚፈትሉት ሰዎች አፍ ለመስማት ወደ ጀውሃ ወረድን። ከደብረ ብርሃን ተነሥቶ ወደ ደሴ የሚጓዝ ሰው ጣርማ በርን አልፎ ቁልቁለቱን ወደ ደብረ ሲና ሲያያዘው ጋቢውን ከትከሻው ማውረድ ይጀምራል፤ ሸዋ ሮቢት ሲደርስም ላቡን ይጠርጋል። ጀውሃ ከሸዋ ሮቢት ወዲያ፣ ወደ አጣዬ በሚወስደው መንገድ ላይ ያለች የይፋት ቆላ ከተማ ናት። ከመንገዱ በስተ ደቡብ ደብረ ብርሃን፣ በስተ ሰሜን ኮምቦልቻ ሁለቱም የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ያቋቋሙ ከተሞች ናቸው። ጀውሃ በሁለቱ መካከል፣ ጭነት መኪና ሲወርድና ሲወጣ እያየች፣ በጥላ ሥር እንዝርቷን ታሾራለች።

ይፋት ለሸማ ሥራ እንግዳ አገር አይደለም። ከላይ ከመንዝ ደጋ የበግ ፀጉር ባናና ዝተት ይሆናል፤ ከታች በቆላው ደግሞ ጥጥ አለ። ከአንኮበር ሥር ያለው አልዩ አምባም በ19ኛው መቶ ዓመት የደጋውና የቆላው ሰው የሚገናኝበት ስመ ጥር ገበያ ነበር። በዚሁ አገር የሚኖሩት አርጎባዎች ከጥንት ጀምሮ በንግድና በሽመና የታወቁ ናቸው። ስለዚህም በይፋት አንዲት ክርስቲያን እናት የፈተለችውን ማግ ሙስሊሙ ጎረቤቷ ይሸምንላትና ያንኑ ነጠላ ለብሳ ቤተ ክርስቲያን ትሳለማለች። በሚያዝያ 2013 ዓ.ም. አጣዬ በተቃጠለች ጊዜ፣ በኅዳር 2014 ዓ.ም. ደግሞ ጦርነቱ ሸዋ ሮቢት በደረሰ ጊዜ ብዙ ሰው ቤት ንብረቱን ጥሎ ተሰድዷል፤ ጉርብትናውም ክፉኛ ተፈትኗል። እንዲህ ያለው የማግና የሽመና ዝምድና ምን ያህል ውድ እንደ ሆነ የሚታወቀው ከዚህ ወዲህ ነው።

ጀውሃ ላይ ያነጋገርናቸው እናት ዕድሜያቸው ገፍቷል፤ እንዝርታቸው ግን አልቆመም። እንግዳ መሆናችንን አይተው ሥራውን ከመጀመሪያው አሳዩን። አስቀድሞ ጥጡ በድንጋይ ላይ ሆኖ በብረት መዳመጫ እየተዳመጠ ፍሬው ይወጣል። ከዚያም በደጋን ይነደፋል፤ ተነድፎ የለሰለሰው ባዘቶ ይባላል። ባዘቶው በእንዝርት ይፈተላል። ዛሬ ብዙ ሸማኔዎች ለድሩ የፋብሪካ ክር እየገዙ ለማጉ ብቻ የእጅ ፈትል ይጠቀማሉ፤ ምክንያቱም ድር ሲወጠር ጠንካራ መሆን አለበት፤ የሸማውን ልስላሴና ሙቀት የሚሰጠው ግን ማጉ ነው። «ለአንድ ጋቢ የሚበቃውን ለመፍተል፣ ከቤት ሥራ በተረፈኝ ሰዓት፣ ከመስከረም እስከ ገና ይፈጅብኛል» አሉን። ጋቢ አራት ድርብ መሆኑን የሚያውቅ ሰው በዚህ አይደነቅም። ገበያ ሲያወጡት ግን ገዢው ከሱቁ ጨርቅ ጋር እያነጻጸረ በዋጋው ይከራከራቸዋል። «ልጆቼ፣ የሚገዙኝ ጥጥ መስሏቸዋል፤ እኔ የምሸጠው ዐይኔን ነው» አሉ።

እኛም ያን ርካሽ ቀሚስ አሰብነውና አፈርን።

ልብስ ከልክ በላይ ሲረክስ፣ ገዢው ያልከፈለውን የሚከፍል ሌላ ሰው አለ። ሚያዝያ 16 ቀን 2005 ዓ.ም. በባንግላዴሽ ከዳካ ከተማ አጠገብ ራና ፕላዛ የተባለ ባለ ስምንት ፎቅ ሕንፃ ተደርምሶ ከ1,100 የሚበልጡ ሰዎች አለቁ፤ አብዛኞቹ ለውጭ አገር ሱቆች ልብስ ይሰፉ የነበሩ ወጣት ሴቶች ነበሩ። ግድግዳው መሰንጠቁ በዋዜማው ታይቶ ሳለ በማግሥቱ ወደ ሥራ እንዲገቡ ታዘዙ። ይህ የሩቅ አገር ወሬ ነው እንዳንል፣ የእኛም አገር በዚሁ መንገድ ሄዳለች። የሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ በሐምሌ 2008 ዓ.ም.፣ የኮምቦልቻው በሐምሌ 2009 ዓ.ም. ተመረቁ። በፈረንጅ አቆጣጠር በ2019 የኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ባወጡት ጽሑፍ የኢትዮጵያ ልብስ ሰፊ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር ሆኖ ተገኘ፤ በዚያው ጊዜ የባንግላዴሹ 95 ዶላር ነበር። ከገጠር የመጣች ልጅ በዚያ ገንዘብ የቤት ኪራይ ከፍላ፣ በልታ፣ ለእናቷ ምን ትልካለች? በታኅሣሥ 2014 ዓ.ም. ደግሞ አሜሪካ ከቀረጥ ነጻ የመሸጫ መብቱን ከአገራችን ስታነሣ ብዙዎቹ ያንኑም አጡ። ፋብሪካ አይኑር አንልም፤ አገር ያለ ፋብሪካ አትለብስም። ነገር ግን ርካሽነት ብቻውን ለማንም እንጀራ እንደማይሆን ከዚህ የበለጠ ምስክር አያስፈልገንም።

ከጀውሃ ከተመለስን በኋላ፣ ለሚፈትለውና ለሚሸምነው ተገቢውን እየከፈሉ፣ ምድሪቱንም ሳይበድሉ ልብስ የሚያሠሩ ድርጅቶች በአገራችን መኖር አለመኖራቸውን መጠየቅ ጀመርን። አሉ። የሚገርመው ግን ስማቸው በአውሮፓና በአሜሪካ ሱቆች ከእኛ ቤት ይልቅ የታወቀ መሆኑ ነው። ገበያቸው በአብዛኛው ውጭ ስለ ሆነ የእኛ እናቶች የጠላትና የወዳጅ ሞድ ሁሉ ሲያውቁ እነዚህን አልሰሙም።

ከእነዚህ ይልቅ ልባችንን የሳበው ሳባሐር ነው። በፈረንጅ አቆጣጠር በ2004 ካቲ ማርሻል በተባሉ፣ በአዲስ አበባ በሚኖሩ ካናዳዊት የተቋቋመ ሲሆን ስሙ ሳባና ሐር ከሚሉት ቃላት የተገጠመ ነው። ጥጡ በእንዝርት፣ ሸማው በእጅ ይሠራል፤ ሐሩ ደግሞ ኤሪ ከተባለ ትል ይገኛል። ይህ ትል የሚመገበው ምን እንደ ሆነ ብንነግራችሁ ትስቃላችሁ፤ የጉሎ ቅጠል ነው! በየአጥሩ ሥር ማንም ሳይተክለው የሚበቅለው፣ ልጆች ፍሬውን እንዳይበሉት የምንከለክለው ጉሎ፣ ሐር ይሆናል ማለት ነው። ከዚህም በላይ የተለመደው ሐር ከትሉ የሚወሰደው ትሉ በውስጡ ሳለ በፈላ ውኃ ተቀቅሎ ሲሆን፣ የኤሪ ቤት ግን በአንድ በኩል ክፍት ስለ ሆነ ትሉ ቢራቢሮ ሆኖ ከወጣ በኋላ እንደ ጥጥ ሊፈተል ይችላል። ጉሎ በይፋት ቆላ ሞልቷል፤ የሚፈትሉ እጆችም አሉ። ይህን ለሚያስቡበት ሰዎች ትተነዋል።

ሁለተኛው የጫማ ነገር ነው። ወይዘሮ ቤተልሔም ጥላሁን በአዲስ አበባ ዘነበወርቅ በተባለው ሰፈር ያደጉ ሲሆኑ፣ ሶል ሬብልስ የተባለውን ድርጅት ያቋቋሙት የሰፈራቸው ሰዎች የእጅ ሙያ እያላቸው ሥራ ሲያጡ አይተው ነው። ጫማው የአባቶቻችን በረባሶ የተማረ ልጅ ነው ቢባል ይቀላል፤ ከታች አሮጌ የመኪና ጎማ፣ ከላይ በእጅ የተሸመነ ጥጥ። በገበሬ እግር ላይ ሲሆን የምንንቀው በረባሶ ባሕር ተሻግሮ ሲከበር ማየት፣ ፍርዳችን የት ላይ እንደ ነበረ ያሳያል። ከዚህ ሌላ ሊያ ከበደ፣ በሞድ ትርኢት ዓለም ያወቃት የአገራችን ልጅ፣ ሸማኔዎች ገበያ እያጡ ሙያቸውን ሲተዉ አይታ በፈረንጅ አቆጣጠር በ2007 ለምለም የተባለውን የልብስ ምልክት አቋቁማለች። ሙያ የተባለውም ድርጅት በሽመና ሥራ ይታወቃል። ሳባሐር፣ ሶል ሬብልስና ሙያ የዓለም ፍትሐዊ ንግድ ድርጅት ከተቀበላቸው የአገራችን ድርጅቶች መካከል ናቸው፤ ይህም ድርጅት አባላቱን ከሚጠይቃቸው መካከል ለሠራተኛ ተገቢ ክፍያ፣ የልጆችን ጉልበት አለመበዝበዝና የተፈጥሮ ጥበቃ ይገኙበታል። በጥጡም በኩል ቢሆን፣ በአርባ ምንጭ አካባቢ ያሉ ትናንሽ ገበሬዎች መርዝ መርጨትን ትተው፣ ተባይ የሚበሉ ጠቃሚ ነፍሳትን የሚስብ ምግብ በመርጨት ጥጥ ማልማት ተምረዋል።

እዚህ ላይ አንድ የሚመር ነገር መናገር አለብን። በእጅ የተሠራ ሁሉ ያለ በደል ተሠራ ማለት አይደለም። ከጋሞ ደጋ ሕፃናት «ትማራላችሁ» እየተባሉ ወደ አዲስ አበባ መጥተው፣ በሽሮ ሜዳ አካባቢና በሌላም ስፍራ በሸማኔ ጉድጓድ ውስጥ ከንጋት እስከ ሌሊት ያለ ደመወዝ እንደሚሠሩ ብዙ ጊዜ ተጽፏል። የአሜሪካ የሥራ ሚኒስቴርም በግዳጅ የሕፃናት ጉልበት ይሠራሉ ከሚላቸው ዕቃዎች መካከል የኢትዮጵያን የእጅ ሸማ መዝግቦታል። ስለዚህ ከላይ የጠቀስነው ቀሚስ በመኪና ባይታተም ኖሮ ልባችን ያርፍ ነበር ማለት አንችልም። ሸማኔን «ቁጢት በጣሽ» እያለ ሲሰድብ የኖረ ሕዝብ፣ ዳግማዊ ምኒልክም ባለ እጅ በሥራው እንዳይሰደብ በአዋጅ እስኪከለክሉ የደረሰ ሕዝብ፣ የሸማኔው ልጅ የት እንዳደረ ለመጠየቅ ዘግይቷል።

አንዲት አንባቢያችን «እነዚህ የምትጠሯቸው ዕቃዎች ለፈረንጅ ኪስ የተሰፉ ናቸው፤ እኛ አምስት ልጅ ያለን ምን እናድርግ?» ትል ይሆናል። እውነቷን ነው። የሳባሐርን ሻርፕ ሁሉ ሰው ይግዛ አንልም። ከእነርሱ የምንወስደው መጠየቅን ነው። ባለ ሱቁን «ማጉን ማን ፈተለው? ሸማኔው ማን ነው? ሄጄ ላየው እችላለሁን?» ብንለው፣ እውነተኛው ነጋዴ ሰፈሩን ይነግረናል፤ ሌላው ይቈጣል። ቊጣውም መልስ ነው። በዓመት ሦስት የሚደበዝዝ ቀሚስ ከመግዛት በሁለት ዓመት አንድ የሚቈይ ብናሠራ ወጪው ብዙም አይራራቅም፤ ያረጀ ጋቢም ተቈርጦ ለሕፃን መጠቅለያ እንደሚሆን እናቶቻችን ያውቁታል።

እኛስ ምን አደረግን? ለጀውሃዋ እናት የማጉን ዋጋ ሳንከራከር ከፍለን፣ ማጉን ይዘን እርሳቸው ወዳመለከቱን ሸማኔ ሄድን። ሸማኔው ጎልማሳ ናቸው፤ ልጃቸው በዚያ ሰዓት ትምህርት ቤት ነበረ፤ ጠይቀን አረጋግጠናል። ማጉን በጣታቸው ዳስሰው «የማን እጅ እንደ ሆነ አውቄዋለሁ» አሉ። የቤታችን ልጅ ጥለቱን መረጠች፤ ቀብድ ከፈልን። ለጥምቀት እንዲደርስልን ብንለምናቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። «የተቀበልሁት ሥራ አለብኝ፤ ለፋሲካ ይደርሳል» አሉን።

እሺ ብለናል። ለዘንድሮ ጥምቀት ልጃችን የእናቷን አሮጌ ነጠላ ትለብሳለች።