«ስሜ ባይጠራም ችግር የለውም» ላልከኝ ልጅ

የዛሬው ትንሽ ረዘም ይላል፤ ቡናችሁን ይዛችሁ አንብቡት።

ባለፈው ሳምንት አንድ የቀድሞ ተማሪዬ ደወለልኝ። ክፍል ውስጥ ከኋላ ተቀምጦ ደብተሩ ጀርባ ላይ ግጥም ሲሞነጫጭር እየያዝኩ የምቆጣው ልጅ ነበር። አሁን ጊታር ይጫወታል፣ ግጥምም ዜማም ይሠራል። «ቲቸር፣ አንድ ዘፋኝ ሥራዬን ወዶታል። ብሩን አንዴ ይሰጠኛል፣ ከዚያ በኋላ ዘፈኑ የእሱ ነው። ስሜ ባይጠራም ችግር የለውም፣ ዋናው ሕዝብ ጆሮ መግባቱ ነው» አለኝ። በስልክ የረባ መልስ አልሰጠሁትም። «እስኪ ላስብበት» ብዬ ዘጋሁት። አሰብኩበት። መልሴ ይኸው፤ እሱም ያነበዋል፣ እናንተም ፍረዱን።

መልሴ የሚጀምረው ከሩቅ ሀገር ዘፈን ነው፤ ከትሬሲ ቻፕማን «ፋስት ካር»። ለማታውቁት ልጆች ታሪኩን ላጫውታችሁ። አንዲት ድሃ ወጣት ናት የምትናገረው። አባቷ ጠጪ ነው፣ እናቷ ጥላው ሄዳለች፣ ልጅቷ አባቷን ለማስታመም ትምህርቷን አቋርጣለች። ሱቅ ውስጥ እየሠራች ትንሽ ሳንቲም አጠራቅማለች። ፍቅረኛዋ ፈጣን መኪና አለው፤ በእሷ ከዚህ ኑሮ እንወጣለን ብላ ታምናለች። ወጡም። ከዓመታት በኋላ ግን ሠርታ የምታበላው እሷ፣ መጠጥ ቤት የሚያመሸው እሱ ሆኖ ይገኛል። የሸሸችው አባቷ በሌላ ሰው መልክ ቤቷ ገባ ማለት ነው። ዘፈኑ ይኸው ነው። ከሥሩ አንዲት ተደጋጋሚ የጊታር ምት፣ ከላዩ አንድ ወፈር ያለ የሴት ድምፅ።

ትሬሲ ክሊቭላንድ፣ ኦሃዮ ተወልዳ፣ ቦስተን አካባቢ ቱፍትስ ዩኒቨርሲቲ እየተማረች መንገድ ዳር ጊታር ትጫወት የነበረች ጥቁር አሜሪካዊት ናት። «ፋስት ካር» እ.ኤ.አ. በ1988 ሲወጣ የ24 ዓመት ልጅ ነበረች። ዘመኑ የኪቦርድና የድራም ማሽን ነው፤ ፀጉር ተነፍቶ፣ ልብስ አብረቅርቆ የሚዘፈንበት። በዚያ መሀል አንድ ጊታር ይዞ ስለ ድህነት መዝፈን ገበያ ያለው ነገር አይመስልም ነበር።

ሰኔ ላይ ኔልሰን ማንዴላ ገና እስር ቤት እያሉ፣ 70ኛ ልደታቸውን አስመልክቶ ለንደን ዌምብሌ ስታዲየም ትልቅ ኮንሰርት ተዘጋጀ። ትሬሲ ቀን ላይ ጥቂት ዘፈን ዘፍና ወርዳለች። ምሽት ላይ ስቲቪ ዎንደር ሊወጣ ሲል የሙዚቃ መሣሪያው ዲስክ ጠፋ፣ ሳይጫወት ተመለሰ። ክፍተቱን ማን ይሙላው? ባንድ የሌላት፣ መሣሪያ መገጣጠም የማያስፈልጋት ሰው ማን አለች? ትሬሲ ጊታሯን ይዛ እንደገና ወጣች። ያ ሁሉ ሕዝብ ጸጥ ብሎ አዳመጣት። ኮንሰርቱ በብዙ አገር ቴሌቪዥን ይተላለፍ ስለነበር፣ በአንድ ምሽት ዓለም አወቃት። ነጠላው አሜሪካ ውስጥ 6ኛ፣ እንግሊዝ 5ኛ ደረጃ ገባ፤ አልበሟ በሁለቱም አገር አንደኛ ወጣ። በዓመቱ ሦስት ግራሚ ወሰደች።

እስከዚህ ያለው ብዙ ሰው የሚያውቀው ነው። እኔን የሚያከራክረኝ ከ35 ዓመት በኋላ የሆነው ነው።

እ.ኤ.አ. በ2023 ሉክ ኮምብስ የሚባል ነጭ የካንትሪ ዘፋኝ «ፋስት ካር»ን እንደገና ተጫወተው። ዘፈኑን ልጅ ሆኖ ከአባቱ ጋር መኪና ውስጥ ሲሰማ ነው ያደገው። ሲዘፍነው ግጥሙን አልነካም፤ ተናጋሪዋ ሴት እንደሆነች የምታሳየዋን ቃል እንኳ ለራሱ ብሎ ወደ ወንድ አልቀየራትም። የእሱ ቅጂ ከእሷ በልጦ 2ኛ ደረጃ ደረሰ፣ በካንትሪ ሬዲዮ ደግሞ አንደኛ ሆነ።

ያኔ ክርክሩ ተነሣ። አንደኛው ወገን፣ «ይህ ፍትሕ አይደለም፤ ጥቁር ሴት ራሷ ይዛው ብትመጣ የካንትሪ ሬዲዮ በር አይከፍትላትም ነበር፣ ነጭ ሲዘፍነው ግን ተከፈተ» አለ። ሌላው፣ «ዘፈን ወዶ መዝፈን ምን ወንጀል አለው?» ብሎ ተቆጣ። እኔ ሁለቱም እውነት ይዘዋል ባይ ነኝ። የካንትሪ ሬዲዮ ለጥቁር ሴቶች ጠባብ መሆኑ ሐሜት አይደለም፤ ሠንጠረዡን ያየ ያውቀዋል። ሰውየው ግን በሩን አልዘጋውም፤ ዘፈኑንም በክብር ነው የያዘው።

ሁለቱም ወገን ያልፈው ነገር ግን አለ፦ የዘፈኑ ደራሲ ማናት?

ትሬሲ ግጥሙንም ዜማውንም ብቻዋን ነው የጻፈችው። ዘፈን ላይ ሁለት መብት አለ፤ አንዱ የድርሰቱ፣ ሌላው የተቀዳው ድምፅ። ሉክ አዲስ ድምፅ ቀዳ፣ የዚያ ባለቤት እሱና ድርጅቱ ናቸው። ድርሰቱ ግን ያው የእሷ ነው። በተሸጠ ቁጥር፣ በተደመጠ ቁጥር ለእሷ ይከፈላል። እንዲያውም በአሜሪካ ተራው የኤፍኤም ሬዲዮ ዘፈን ሲያጫውት የሚከፍለው ለድርሰቱ ባለቤት እንጂ ለዘፋኙ አይደለም! ጣቢያው ሉክን ባጫወተ ቁጥር ከጣቢያው ክፍያ የምታገኘው ትሬሲ ነች። በኅዳር 2023 የካንትሪ ሙዚቃ ማኅበር የዓመቱን ምርጥ ዘፈን ሲሸልም፣ ሽልማቱ ለደራሲ የሚሰጥ ነውና የተጠራው ስም የእሷ ነበር። ያንን ሽልማት በማሸነፍ የመጀመሪያዋ ጥቁር ደራሲ ሆነች። ሥነ ሥርዓቱ ላይ እንኳ አልነበረችም።

ዝም ያለች ሴት ናት ብላችሁ ግን እንዳትሳሳቱ። ኒኪ ሚናዥ ሌላ ዘፈኗን ወስዳ በራሷ ሥራ ውስጥ ልታስገባ ፈቃድ ስትጠይቅ፣ ትሬሲ አልፈቅድም አለች። ሥራው ሾልኮ ሬዲዮ ላይ ሲሰማ ፍርድ ቤት ሄደች፣ በ2021 ጉዳዩ በ450 ሺህ ዶላር ተቋጨ። የሉክ ግን ሌላ ነው፤ በአሜሪካ ሕግ አንዴ የወጣን ዘፈን ሳይለውጡ ደግሞ መዝፈን፣ ክፍያው እስከተከፈለ ድረስ፣ የደራሲውን በጎ ፈቃድ አይጠብቅም። ቆርጦ ሌላ ነገር መሥራት ነው ፈቃድ የሚጠይቀው። የትኛው የእሷ እንደሆነ፣ እስከ የትኛው ድረስ እንቢ ማለት እንደምትችል ጠንቅቃ ታውቃለች።

ከዚያ የካቲት 2024 ግራሚ መድረክ ላይ ለዓመታት ያልታየችው ሴትዮ ጊታሯን ይዛ ብቅ አለች። ሽበት ጣል ጣል ብሎባት፣ ፈገግ ብላ፣ ያቺን የጊታር ምት ራሷ ጀመረቻት። ሉክ አጠገቧ ቆሞ አብሮ ይዘፍናል፣ ዓይኑ ግን ከእሷ ላይ አልተነቀለም። የባለቤትነት ወረቀት ማንም አላነበበም፤ ዘፈኑ የማን እንደሆነ ግን አዳራሹ በሙሉ ያውቃል። በማግስቱ ሰው ሊገዛ የተሻማው የ1988ቱን ቅጂ ነበር።

አሁን ወደ እኛ ልመለስ።

እኛ ዘፈንን የምናውቀው በዘፋኙ ስም ነው። «የእገሌ ዘፈን» እንላለን፣ አለቀ። ድሮ ቢያንስ የካሴቱ ልባስ ላይ «ግጥም፦ እገሌ፣ ዜማ፦ እገሌ፣ ቅንብር፦ እገሌ» ተብሎ ይጻፍ ነበር። እኔ ይልማ ገብረአብንና አበበ መለሰን ያወቅኳቸው በዚያች ደቃቅ ጽሑፍ ነው። ዛሬ ዘፈኑ ስልክ ለስልክ ሲተላለፍ ልባስ የለውም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጃችን፣ ቁጥር 410/1996፣ ለደራሲ ሁለት ዓይነት መብት ይሰጣል፤ የገንዘቡንና የስሙን። የገንዘቡን ትሸጣለህ፣ ታስተላልፋለህ። የዘፈኑ ደራሲ እኔ ነኝ የማለት መብትህ ግን የገንዘቡን መብት ብትሸጠውም ካንተው ጋር ይቆያል። በወረቀት ላይ ጥሩ ነው፤ ወረቀቱን የሚያስታውሰው ጠፍቶ ነው እንጂ።

እና አንተ ልጅ፣ ስማኝ።

ብር ያስፈልግሃል፣ አውቃለሁ። የቤት ኪራይ አዋጅ አይጠቅስም። ስም የሌለው ጀማሪ መደራደር እንደማይችልም ይገባኛል፤ «ትሬሲ ቻፕማን እኮ አሜሪካ ነች» ብትለኝ አልቆጣህም። ስለዚህ ብሩ ቢያንስም ተቀበል፤ እሱ ባንተና በኪስህ መካከል ያለ ነገር ነው። ግን ሁለት ነገር ያዝ። አንደኛ፣ ስምምነቱ በወረቀት ይሁን፤ ምን እንደሸጥክ፣ ለስንት ጊዜ እንደሸጥክ ይጻፍ። ሁለተኛ፣ ዘፈኑ በወጣበት ቦታ ሁሉ ግጥምና ዜማ የአንተ መሆኑ ይጻፍ። ይቺን ለመጻፍ ዘፋኙን አንድ ሳንቲም አያስወጣውም። እንቢ ካለህ፣ የፈለገው ዘፈኑን ብቻ እንዳልሆነ ያኔ ይገባሃል።

«ዋናው መሰማቱ ነው» አልከኝ። ልክ ነህ፣ ዘፈን የሚጻፍ ለመሰማት ነው። ግን ከሠላሳ ዓመት በኋላ አንዱ ወጣት ዘፈንህን ከአባቱ መኪና ውስጥ ሰምቶ ሊዘፍነው ቢፈልግ፣ ማንን ብሎ ይጠይቅ? ማንን መድረክ ላይ ይጥራ?

እናንተስ ምን ትላላችሁ? በተለይ ግጥምና ዜማ የምትሠሩ ልጆቼ፣ ልምዳችሁን ከታች ጻፉልን። እስከዚያው አንድ ነገር ላስቸግራችሁ፤ ዛሬ አንድ የምትወዱትን ዘፈን ምረጡና ደራሲው ማን እንደሆነ ፈልጉ። ስታገኙት ስሙን ጮክ ብላችሁ ጥሩት።

ሰላም ሁኑልኝ።