«የቤት ውስጥ ዛፍ» የሚባል ውሸት

ሳሎን ውስጥ የበቀለ ዛፍ በየትኛውም አገር የለም። ይህን ሕፃን ልጅም ያውቀዋል። ሆኖም ነጋዴው ትንሽዬ ፊከስ በሚያምር ሳሕን ላይ አድርጎ «የቤት ውስጥ ቦንሳይ ናት፤ በሳምንት አንዴ ግማሽ ብርጭቆ ውሃ ይበቃታል» ሲል የተማረውም ያልተማረውም አምኖ ይገዛል። ከጥቂት ወራት በኋላ ቅጠሏ ይረግፋል፣ ግንዷ ይለሰልሳል። ገዢው «እጄ ለአትክልት አይሆንም» እያለ ራሱን ይወቅሳል። ሻጩም ሁለተኛዋን ይሸጥለታል።

ፊከስ የእነ ዋርካና ሾላ ዘመድ ናት። በቦንሳይ ስም በብዛት የምትሸጠው ፊከስ ማይክሮካርፓ ከደቡብ እስያ እስከ አውስትራሊያ በተፈጥሮዋ የምትበቅል፣ ሜዳ ላይ ከተለቀቀች ሰፊ ጥላ የምትጥል ዛፍ ነች። የዋርካን ዘመድ ቴሌቪዥን ጎን ጥግ ውስጥ ወትፎ «ለምን ደረቀች?» ማለት ምን የሚሉት ጥያቄ ነው?

«ጃፓኖችስ?» የሚል አይጠፋም። ጃፓኖች እንዲህ አላደረጉም። ከ1923ቱ (እ.ኤ.አ.) የካንቶ የመሬት መንቀጥቀጥ በኋላ ከቶኪዮ የወጡ አትክልተኞች በ1925 ሳይታማ ውስጥ የመሠረቱት የኦሚያ ቦንሳይ መንደር ዛፎቹን የሚያሳድገው ደጅ፣ መደርደሪያ ላይ፣ ፀሐይና ዝናብ እያገኛቸው ነው። በባህሉ ዛፍ ወደ ቤት የሚገባው ለእንግዳ ለመታየት ነው፤ ለጥቂት ቀን። ከዚያ ወደ ደጁ ይመለሳል።

ዋናው ችግር ብርሃን ነው፤ እዚህ ላይ ደግሞ ዓይን ይሸነግላል። በጠራ ቀን ደጅ ላይ ብርሃኑ 100,000 ሉክስ ገደማ ይደርሳል። ከመስኮት የራቀ የሳሎን ጥግ ጥቂት መቶ ሉክስ ቢያገኝ ነው። የሰው ዓይን ቶሎ ስለሚለምድ «ቤቱ ብርሃን አለው» ይላል። ዛፏ ግን ምግቧን የምትሠራው ከዚያው ብርሃን ነው። ጨለማ ውስጥ ስትቀመጥ ውሃም ብዙ አትጠጣም፤ አፈሩ ረጥቦ ይሰነብታል፣ ሥሯ አየር አጥቶ ይበሰብሳል። ቅጠሏ ሲረግፍ ባለቤቱ «ጠማት» ብሎ ይጨምርላታል። በዚህ ደግነት የሞተችው ስንት ናት!

ነጋዴውም አግዟል። ከላይ ያለው ጠጠር በመንገድ እንዳይፈስ በሙጫ የተጣበቀበት፣ ከታች ቀዳዳ የሌለው ሳሕን ይሸጣል። ጠጠሩን ነቅሎ መጣል፣ ሳሕኑን መቀየር የገዢው የመጀመሪያ ሥራ መሆኑን ማን ይነግረዋል?

ውሃን በቀን መቁጠሪያ ማጠጣት ትርጉም የለውም። ጣት አፈሩ ውስጥ ይገባል፤ ላዩ ደረቅ ካለ ከታች እስኪፈስ ይጠጣል፤ ገና ርጥብ ከሆነ ይተዋል። በቃ።

ቦንሳይን «ዛፍ ማሠቃየት ነው» የሚሉም አሉ፤ መቀሱን አይተው። ቡናስ አይጎነደልም? ፊከስ ስድስት ሰባት ቅጠል ስታወጣ ወደ ሁለት ሦስት ብትቆረጥ ቅርንጫፍ ታበዛለች እንጂ አትሞትም። (ከቁስሏ የሚወጣው ነጭ ወተት ግን ቆዳ ስለሚያስቆጣ ጓንት ይሻላል።) ሥቃይ ከተባለ ሥቃዩ ያለው ጥጉ ውስጥ ነው።

የሚገርመው ደግሞ አዲስ አበባ ነው። ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ፣ ዓመቱን ሙሉ የማይጠፋ ፀሐይ፣ በየኮንዶሚኒየሙ በረንዳ። በረንዳው ላይ ባዶ ጄሪካንና የተሰበረ ወንበር ተቆልሏል፤ ዛፏ ውስጥ ጨለማ ላይ ናት። ቦታ ማለዋወጥ ብቻ ነበር የሚፈለገው፦ መጀመሪያ ጥቂት ሳምንት ጥላ ላይ ማለማመድ፣ አለዚያ ቅጠሏ ይቃጠላል፤ በኅዳርና በታኅሣሥ ሌሊቱ ከ10 ዲግሪ በታች ሲወርድ ደግሞ ወደ ውስጥ ማስገባት።

በረንዳም ፀሐይ የሚያገኝ መስኮትም የሌለው ሰው ለተክል የተሠራ የኤልኢዲ አምፖል ከላይዋ ሰቅሎ በየቀኑ 12 ሰዓት ያህል ያብራላት። ይህም ካልሆነለት የፕላስቲክ አበባ አለለት። ሻጩ ያው ነጋዴ ነው።