ጎበዝ፣ መሰላሉ የታለ?

በኳስ ጉዳይ እኛ የምንጣላው ሁልጊዜ በአሠልጣኝ ነው። ዋልያዎቹ ተሸነፉ? አሠልጣኙ ይባረር! አቻ ወጡ? አሰላለፉ ነው! ሰውነት ቢሻው ከ31 ዓመት በኋላ ለ2005ቱ የአፍሪካ ዋንጫ ሲያበቁን ትከሻችን ላይ ሰቀልናቸው፤ ብዙም ሳይቆይ ተሰናበቱ። ውበቱ አባተ በ2014 ዓ.ም. ካሜሩን አደረሱን፤ እሳቸውም ሄዱ። ነገ የሚመጣውም ይሄዳል። አሠልጣኝ የሚመርጠው ግን ከቀረበለት ላይ ነው። የሚያቀርበው ማን ነው? ከየት ነው? እዚህ ላይ ሁላችንም ዝም።

እስቲ ግንደወይንን አስቡ። የአዲስ አበባ ልጅ ሆናችሁ የት እንደሆነች ባታውቁ አይፈረድባችሁም፤ የጎንቻ ሲሶ እነሴ ወረዳ ዋና ከተማ ናት፤ ከቢቸና ተነስታችሁ በደብረ ወርቅ በኩል ወደ ሞጣ ስትሄዱ ታገኟታላችሁ። እዚያ አንድ የ14 ዓመት ልጅ አለ እንበል። ስም አናወጣለትም፤ እንዲህ ያለ ልጅ በየከተማው አለና። ግራ እግሩ ተአምር ነው። ሦስት ሰው አልፎ አራተኛውን ያስቀምጠዋል። እሺ፣ ከዚያስ?

ከዚያማ ዕድል ነው። ባሕር ዳር አጎት ካለው አጎቱ ዘንድ ይሄዳል፤ የሙከራ ቀን ካላለፈው ይሞክራል፤ በዚያ ቀን ካልታመመ፣ ጫማ የሚያበድረው ካገኘ፣ የሚያየው ሰው ስልኩን እያየ ካልሆነ… ስንት «ካ» ቆጠራችሁ? ይሄን ነው «ተሰጥኦ ራሱን አይደብቅም» የሚሉን። ተሰጥኦማ ራሱን በደንብ ይደብቃል! በሬ እየጠበቀ ያረጃል።

የሚያናድደን ደግሞ ይሄ ሁሉ የሆነው በጎጃም መሆኑ ነው። ጎጃም እኮ ልጅን በለጋነቱ ከቤት አውጥቶ ሊቅ አድርጎ በመመለስ የታወቀ አገር ነው። የቆሎ ተማሪን ተመልከቱ። ንባብ ቤት ይገባል፤ ከዚያ ዜማ፣ ከዚያ ቅኔ፣ ከዚያ መጻሕፍት። በባዶ እግሩ ይሄዳል፣ ይለምናል፣ ውሻ ይነክሰዋል፤ ግን ቀጥሎ የት እንደሚሄድ ያውቃል። ቢቸና አጠገብ ዲማ እንዳለ ያውቃል። የቅኔ መምህሩ ማን እንደሆነ፣ ከሳቸው ቀጥሎ የማን ደጅ እንደሚጠና ያውቃል። ይሄ ሁሉ ሲሆን በጀት አልነበረም፣ ስታዲየምም አልነበረም። መንገድ ግን ነበረ። ታዲያ «ድሃ ስለሆንን ነው» የምትለዋን መልስ ለሌላ አቆዩልን።

አሁን ደግሞ ከኛ ጋር አውስትራሊያ ድረስ ኑ። እዚያ እግር ኳስ ሲሉ የኛን ማለታቸው አይደለም። ኳሷ እንቁላል ትመስላለች፤ ሜዳው ሞላላ ነው፤ በአንድ ወገን 18 ሰው ይሰለፋል፤ በእጅም በእግርም ነው። (መጀመሪያ ስታዩት ዱላው የተረሳበት የገና ጨዋታ ነው የሚመስለው።) ጨዋታውን ውደዱልን አንልም። እኛም ገና አልተዋጠልንም። የምንቀናው በሌላ ነገራቸው ነው።

ቻንግኩዎት ጂያት የሚባል ተጫዋች አለ። ከደቡብ ሱዳን ቤተሰብ እዚሁ ኢትዮጵያ ተወልዶ በልጅነቱ በስደት አውስትራሊያ የገባ ነው። ያደገው ደግሞ ሜልቦርን መሀል ሳይሆን ጊፕስላንድ በሚባል የገጠር አውራጃ ነው። የነሱ ግንደወይን በሉት። ጊፕስላንድ ግን ከ18 ዓመት በታች ልጆቿን የምታሰልፍበት የአውራጃ ቡድን አላት፤ የትልልቆቹ ክለቦች መልማዮች እየመጡ ያዩታል። ጂያት እዚያ ታየ፤ ሃውቶርን ወሰደው፤ በትልቁ ሊግ ተጫወተ። ከሱ በፊት ማጃክ ዳው የሚባል ካርቱም የተወለደ ልጅ በ2009 እ.ኤ.አ. በኖርዝ ሜልቦርን ተመልምሎ የመጀመሪያ የሊግ ጨዋታውን ያደረገው በ2013 እ.ኤ.አ. ነው። በዋናው ሊግ አንድም ጨዋታ ላላደረገ ልጅ ደሞዝ እየከፈሉ አራት ዓመት ጠበቁት! እኛ ጋ ቢሆን በሦስተኛው ወር «ጊዜው አልደረሰም፣ በርታ» ተብሎ ወደ ቤቱ ተሸኝቷል።

ምልመላው ራሱ ሥርዓት አለው። ከ1986 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በዓመቱ መጨረሻ የዕጩ ወጣቶች ስም ይቀርብና ክለቦቹ በተራ ይመርጣሉ። መጀመሪያ የሚመርጠው ሻምፒዮኑ እንዳይመስላችሁ፤ በሊጉ የመጨረሻ የወጣው ነው። ደካማው ይጠናከር ነው ነገሩ። የደሞዝ ጣሪያም አላቸው። እኛስ? የኛ ፌዴሬሽንም በ2011 ዓ.ም. ክረምት የተጫዋች ደሞዝ በወር ከ50 ሺህ ብር አይለፍ ብሎ ወስኖ ነበር። ጣሪያዋን ብቻዋን አመጣናት። ግድግዳው የለ፣ መሠረቱ የለ፣ ቆርቆሮው ተሰቀለ!

ለምን እንዲህ ሆንን ለምትሉ፣ የክለቦቻችንን ባለቤቶች ቁጠሩ። የ2016 ዓ.ም. ዋንጫን ንግድ ባንክ ወሰደ፤ የ2017ቱን መድን። (ባንክና ኢንሹራንስ! የቀረው ማይክሮፋይናንስ ነው።) መቻል የሠራዊቱ ነው፤ ባሕር ዳርና ሀዋሳ የከተማ አስተዳደር ናቸው። ቂም የለንም፣ ያለነሱ ሊግም ባልኖረ። ግን የመንግሥት በጀት ሐምሌ ላይ ይጀምርና ሰኔ ላይ ያልቃል፤ ውጤትም በዚያችው ዓመት ይፈለጋል። ሥራ አስኪያጁ ዘንድሮ ዋንጫ ካላመጣ ለከርሞ ቢሮው ላይኖር ይችላል። ታዲያ ከስድስት ዓመት በኋላ ለሚደርስ የግንደወይን ልጅ ብር የሚያወጣው ምን ሆኖ ነው? ከሌላ ክለብ የ28 ዓመት አጥቂ ያስፈርማል። በሱ ቦታ እኛም ብንሆን ያንኑ እናደርግ ነበር። ለዚህ ነው ሰውየውን ትታችሁ ሥርዓቱን ንኩት የምንለው።

ዕድሜ ላይ እንምጣ፣ የምንስቅበትና የማንናገረው ጉዳይ። «የፓስፖርት ዕድሜው ስንት ነው?» እንባባላለን። ፊፋ ከ2009 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከ17 ዓመት በታች የዓለም ዋንጫ ላይ የተጫዋቾችን የእጅ አንጓ አጥንት በኤምአርአይ ማስነሳት ጀመረ፤ ወረቀት አላምንም ማለቱ ነው። ወረቀቱስ መች ኖረና? በመላ አገሪቱ የልደት ምዝገባ በወጉ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ክረምት ነው። የኛ የ14 ዓመት ልጅ የተወለደው ከዚያ በፊት ነው። ዕድሜውን እናቱ «የዚያን ዓመት ክረምት» ብላ ታውቀዋለች፤ ፌዴሬሽን ግን ክረምት አይመዘግብም። ልጁ ሳያጭበረብር ተጠርጣሪ ሆነ።

ይሄ መዝገብ የሚባል ነገር ገንዘብም ነው። ፊፋ ተጫዋች ውሉ ሳያልቅ ከአገር አገር ሲሸጥ ከዋጋው 5 በመቶ ከ12 እስከ 23 ዓመቱ ላሠለጠኑት ክለቦች ይከፈል ይላል። ከ12 እስከ 15 ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት ሩብ በመቶ፣ ከዚያ በላይ ላለው ግማሽ በመቶ ነው። ልጃችን አንድ ቀን ወደ ግብፅ ወይ ደቡብ አፍሪካ በ10 ሚሊዮን ብር ቢሸጥ፣ አራቱን የመጀመሪያ ዓመታት ያሳደገው የግንደወይን ቡድን 100 ሺህ ብር ይደርሰዋል። ግን ቡድኑ ክለብ ሆኖ፣ ልጁም በስሙ ተመዝግቦ ከተገኘ ነው! ካልተመዘገበ ባዶ ነው። ጌታነህ ከበደ ዲላን ይዞ ደቡብ አፍሪካ ሄዷል፤ አቡበከር ናስር በ2013 የውድድር ዘመን 29 ጎል አግብቶ ማሜሎዲ ሰንዳውንስ ወስዶታል። እንደነሱ ያለው ቀጥሎ ሲሸጥ የሰፈሩ አሠልጣኝ በኪሱ የገዛት ኳስ ትቆጠርለት ይሆን?

ልጅቷ ብትሆንስ? ሎዛ አበራ ከዱራሜ ተነስታ ስዊድን፣ ማልታና አሜሪካ ተጫውታለች። እልል ብለናል። ግን አንዲት ሎዛ ጥሳ ወጣች ብለን በር አለ ማለት አንችልም። ግንደወይን ላይ ኳስ የምትችል የ14 ዓመት ልጅ ከመልማይ በፊት ሽማግሌ እንደሚደርስላት የማታውቁ ካላችሁ ጎጃም ያለች ጓደኛችሁን ጠይቁ።

«አሁን ይሄ የኳስ ጊዜ ነው ወይ?» የሚለን አለ፣ እናውቃለን። ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮ አማራ ክልል ጦርነት ውስጥ ገብቶ ብዙ ትምህርት ቤት በሩ ተዘግቷል። የገጠር ልጅ ደግሞ ኳሱ የሚታይለት በትምህርት ቤት ውድድር ነበር። እንግዲህ ያቺም አንዷ «ካ» ሄደች። ሰላም ሲመጣ እንጀምር ከተባለ ግን የዛሬው 14 ዓመት ያኔ 18 ይሆናል።

የአውስትራሊያውን ምልመላ እንዳለ ቅዱ አንልም፤ እዚህ ላይ እኛም እርስ በርስ ተከራክረናል። እዚያ የተመረጠ ልጅ ክለብ አይመርጥም፤ የደረሰው ከተማ ይሄዳል። እኛ ጋ የክልል ክለቦች በፀጥታ ምክንያት አንዱ አንዱ ሜዳ ሄዶ አልጫወትም ያሉበትን ጊዜ አልረሳነውም። የግንደወይን አባት ልጁን ወደማያውቀው ክልል ላክ ቢባል «ማን አደራ ይቀበለኛል?» ይላል፤ ልክ ነው። እዚያ አዲስ ልጆችን ቤታቸው የሚያሳድሩ ቤተሰቦች አሉ። ያ እኛም ጋ እስኪለመድ የዞን ቡድን ይቅደም። ምሥራቅ ጎጃም ከ18 ዓመት በታች አንድ ቡድን ቢኖራት፣ ጨዋታው በዓመት ሁለት ጊዜ መልማዮች በተጠሩበት ቢደረግ፣ ልጁ ደብረ ማርቆስ ድረስ ይሄዳል፤ አባትየውም ቅዳሜ ሄዶ ያየዋል።

ከዚያም በፊት ደብተር ይቅደም። በየወረዳው አንድ የስፖርት መምህር የ12 ዓመት ልጆችን ስም፣ የተወለዱበትን ቀን፣ የሚጫወቱበትን ቡድን ይጻፍ፤ ጽሕፈት ቤቱ ማኅተም ያሳርፍበት፤ ኮፒው ፌዴሬሽን ይግባ። በቆጂ ላይ አሠልጣኝ ስንታየሁ እሸቱ እነ ደራርቱን፣ እነ ቀነኒሳን፣ እነ ጥሩነሽን ሲያስጀምሩ የትምህርት ቤት መምህር ነበሩ። ልዩነቱ ከሳቸው እጅ የወጣ ሯጭ የሚቀበለው የአዲስ አበባ ክለብ ነበረው።

ቢቸና፣ ግንደወይን ወይስ ሞጣ ይጀምራል? እኛ መካከል ሞጣ ትቀድማለች ያለ አለ፤ ማኪያቶ አስይዘናል።