ቃሚውን ሁሉ ጠራርጎ ማሰር ነው ለምትሉ

ትናንት ራቤል ሻይ ቤት ተቀምጠን ወሬው ሁሉ ስለ ጫት ነበር። "ፖሊስ ቃሚውን ጠራርጎ ቢያስር በወር ይጠፋ ነበር!" አለ አንድ ወዳጄ። ሁሉም እውነት ነው አለ። እኔ ዝም አልኩ፤ ዝም ማለቴ ሲከነክነኝ አደረና ይኸው ልጻፈው።

አስቀድሜ ልናገር፣ ጫት አልወድም። ጎረምሳ ከሰዓቱን ሙሉ ሲቅም ሲውል ሳይ እናደዳለሁ። ግን ጠራርጎ ማሰር ምን እንደሚያመጣ በሌላ አገር ታይቷል እኮ።

አሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1986 ባወጣችው ሕግ፣ 5 ግራም ክራክ ሲሸጥ የተያዘ ቢያንስ 5 ዓመት ይታሰር ነበር። በዱቄት ኮኬይን ለዚያው ቅጣት 500 ግራም ያስፈልግ ነበር። ሁለቱም ኮኬይን ናቸው! ክራክ ግን ርካሽ ስለሆነ በድሃ ጥቁሮች ሰፈር የሚሸጠው እሱ ነበር። ዕፅ በመውሰድ ነጩና ጥቁሩ ይቀራረባሉ፤ ፖሊስ አድፍጦ የሚፈትሸው ግን የጥቁሮቹን ጎዳና ነው። ስንቱ ልጅ ያለ አባት አደገ፣ ስንቱ ተፈትቶ በመዝገቡ ምክንያት ሥራ አጣ። ልዩነቱ ወደ 18 ለ1 የወረደው በ2010 ነው። ክራክም አልጠፋ።

ነገሩ የእኛን አካባቢ ሰዎችም ነክቷል። በ2006 አሜሪካ ውስጥ ጫት አስገባችሁ ተብለው 44 ሰዎች ተከሰሱ፣ አብዛኞቹ ሶማሌዎች። የትኩስ ጫት ካቲኖን እዚያ ከሄሮይን ጋር በአንድ መደብ ነው። እንግሊዝም የራሷ የዕፅ አማካሪ ምክር ቤት ለመከልከል የሚያበቃ ማስረጃ የለም እያላት በሰኔ 2014 ከለከለችው። ቃሚዎቹ እነማን ነበሩ? ሶማሌ፣ የመን፣ ኢትዮጵያዊ። መጠጥ ቤቱን የነካው የለም።

"ራቤል ጥቁርና ነጭ የለም" ትሉኝ ይሆናል። ልክ ነው። ግን ጠራርጎ ሲታፈስ ማን ይገኛል? በሩን ዘግቶ ፍራሽ ላይ ተጋድሞ የሚቅመው ባለሱቅ አይደለም። መንገድ ዳር የተቀመጠው፣ ፈተና ወድቆ ሥራ ያጣው የድሃ ልጅ ነው። ታስሮ ሲወጣ ማን ይቀጥረዋል? ደግሞስ ጫት በአገራችን የተከለከለ አይደለም፣ መንግሥት ቀረጥ ይሰበስብበታል።

ያ ወዳጄ ጠዋት ጠዋት አረቄውን ሳይጎነጭ ከቤት አይወጣም። ይታሰር ያለው የለም፤ እኔም አላልኩም።