የአስናቀች ወርቁ ትወና የት ይገኛል?

አስናቀች ወርቁ በዘመናዊው የኢትዮጵያ ቴአትር ቀድመው መድረክ ከወጡት ሴቶች አንዷ ናት፤ እናቷን በልጅነቷ አጥታ፣ ክራርን በራሷ ተምራ፣ በሀገር ፍቅር ቴአትርና በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ ማለትም በዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ለረጅም ዘመን ተጫውታለች። ይህን የሚሰማ አንድ የጎጃም ዱርቤቴ ወዳጄ ግን አይቀበልም፤ «ክራሯስ በካሴት ደርሶናል፤ ትወናዋን የት አይተን እንመን?» ይላል።

ሙግቱ ውኃ የሚያነሣ ነው። ተዋናይት በዚያን ጊዜ የምትታወቀው በመድረክ እንጂ በፊልም ስላልነበር፣ መጋረጃው ሲዘጋ ሥራዋ ከተመልካቹ ትዝታ በቀር ማደሪያ አልነበረውም። ከእርሷና ከጥቂት መሰሎቿ በፊት የሴት ገጸ ባሕርይን፣ ማለትም በድርሰቱ ውስጥ ያለችውን ሴት፣ የሚጫወቱት ጺማቸውን ተላጭተው፣ ቀሚስ ለብሰውና ሻሽ አስረው የሚወጡ ወንዶች ነበሩ፤ ሴት በአደባባይ መዝፈኗና መጫወቷ እንደ ነውር ይቆጠር ነበርና። ወዳጁ ይህን ለመረዳት ከጎጃም መውጣት አያስፈልገውም፤ አዝማሪ በጠጅ ቤት ይሸለማል፣ ቅኔው ከአፍ አፍ ይዞራል፣ ልጅ ግን አይዳርለትም።

«በሌላውስ አገር?» ሲል ይጠይቃል። በፋርስኛ የተሠራው የመጀመሪያው ባለድምፅ ፊልም፣ «የሎር ልጃገረድ»፣ በ1933 እ.ኤ.አ. ሕንድ ውስጥ በቦምቤይ ተዘጋጅቶ ኢራን ሲታይ፣ መሪ ተዋናይቷ ሰዲቄ ሳሚነዣድ ከዝናው ጋር ስድብና ወከባ ስለ ወረደባት ትወናን ትታ ከሰው ተገልላ ኖረች። አስናቀች ግን ስድቡን ችላ በሙያዋ ጸናች፤ ይህ ጽናት ከድምፅዋ ባልተናነሰ መነገር የሚገባው ነው። ይሁንና ኢራናዊቷ በሁለት ፊልም ብቻ ፊቷን ስታስቀር፣ የአስናቀች የመድረክ ሥራ በፊልም የመቀረጽ ዕድል እምብዛም አላገኘም።

ራሔል ሳሙኤል ስለ አስናቀች ያዘጋጀችው «አስኒ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም፣ ማለትም እውነተኛ ሕይወትን የሚያሳይ ፊልም፣ ለሕዝብ የቀረበው በ2013 እ.ኤ.አ. ነው፤ አስናቀች በመስከረም 2004 ዓ.ም. ካረፈች በኋላ። ወዳጁ እስኪያየው ድረስ ያንኑ ካሴት ደግሞ ያድምጥ፤ ስንኙን ፊት ለፊቷ ለተቀመጠ አንድ ሰው እንደምትናገር አድርጋ ስትወረውረው፣ አንዱን ቃል ጎትታ ሌላውን በቁጣ ስትቆርጠው፣ ተዋናይቷ እዚያው ክራሩ ሥር ትሰማለች።